ጥጃና ግልገል ተወልዶ እንዳይቀር

በሀብሩ ወረዳ፣ በመርሳ፣ በውርጌሳ፣ በጊራናና በወልድያ ዙሪያ የምትኖሩ ገበሬዎች፣ እንዲሁም የልማት ሠራተኞች ሆይ፤ የዛሬው ትምህርታችን ስለ ጥጃና ስለ ግልገል ጤና ነው።

አንድ ገበሬ ስንት ከብት እንዳለው ቢጠየቅ በበረቱ የቆመውን ይቆጥራል። ተወልዶ በሳምንቱ የሞተውን ጥጃ ግን የሚቆጥር የለም። ለምን እንደ ሞተ ሲጠየቅም «ዕድሉ ሆኖ ነው» ይባልና ነገሩ ይረሳል። ነገር ግን ዛሬ የሞተው ወንድ ጥጃ ከአራት ዓመት ገደማ በኋላ ከቀንበር የሚጎድል በሬ ነው። ዛሬ የሞተችው ግልገልም የማዳበሪያ መግዣ፣ የልጅ ደብተርና ልብስ ልትሆን የነበረች ናት። ከ2013 ዓ.ም. መጨረሻ እስከ 2014 ዓ.ም. በዚሁ አገር በነበረው ጦርነት ከብቱን ያጣ ቤተሰብ ብዙ ነው። እንዲህ ያለው ቤተሰብ በረቱን መልሶ የሚሞላው አንድ በአንድ በሚወለደው ነውና አንዱም ቢሞት ጉዳቱ ከባድ ነው።

ከታዳጊ እንስሳት ሞት አብዛኛው በጥንቃቄ የሚቀር ነው። ለዚህም ብዙ ገንዘብ አያስፈልግም። ከሁሉ የሚበልጠው መድኃኒት በእናቲቱ ጡት ውስጥ ያለው እንገር ነው።

፩. እንገር ለምን ያስፈልጋል?

የሰው ልጅ ገና በማኅፀን ሳለ በሽታን የሚከላከል ኃይል ከእናቱ ደም ያገኛል። ጥጃና ግልገል ግን ይህን አያገኙም፤ የከብት፣ የበግና የፍየል የእንግዴ ልጅ ይህን ኃይል አያሳልፍም። ስለዚህ ጥጃው ሲወለድ በሽታን የሚመክትበት ነገር የለውም። ይህን የሚያገኘው ከእንገር ነው።

ለዚህም የጊዜ ወሰን አለው። የጥጃው አንጀት የእንገሩን ኃይል እንዳለ ወደ ደም የሚያሳልፈው በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ነው። ከዚያ በሩ ቀስ በቀስ ይዘጋል፤ አንድ ቀን ካለፈ በኋላ ጨርሶ ተዘግቷል ማለት ይቻላል። ከሁሉ የሚሻለው ከተወለደ በ6 ሰዓት ጊዜ ውስጥ ጠግቦ መጥባቱ ነው። ይኸውም ጥጃው ከምሽቱ በሁለት ሰዓት ቢወለድ እስከ ሌሊቱ ስምንት ሰዓት መጥገብ አለበት ማለት ነው። «ሲነጋ እናያለን» ብሎ መተኛት ጥጃውን ያስከፍላል።

በአንዳንድ ቤት «እንገር ወፍራም ስለሆነ ሆድ ይነፋል» ተብሎ ታልቦ ይደፋል። በሌላው ቤት የእንግዴ ልጅ እስኪወጣ ድረስ ጥጃው እንዳይጠባ ይከለከላል። ሁለቱም ስሕተት ነው። እንዲያውም ጥጃው ሲጠባ የእናቲቱ ማኅፀን ስለሚኮማተር የእንግዴ ልጁ እንዲወጣ ይረዳል። የእንግዴ ልጁ እስከ ማግሥቱ ካልወጣ የእንስሳት ጤና ባለሙያ ጥሩ እንጂ በእጅ አትጎትቱ። እንገር ለቤተሰብ ማፍላት የተለመደ ነው፤ የሚፈላው ግን ጥጃው ከጠገበ በኋላ የተረፈው ይሁን።

፪. በተወለደበት ቀን የሚደረግ

1ኛ. አፍና አፍንጫውን ከዝልግልጉ አጽዱ። እናቲቱ እንድትልሰው ተዉአት፤ ካልላሰችው በደረቅ ጭድ ወይም በጨርቅ እሹት። እርጥብ ሆኖ የቆየ ግልገል በብርድ ይሞታል።

2ኛ. እትብቱን ከፋርማሲ በሚገኝ ቲንክቸር አዮዲን ውስጥ ንከሩት። እበት፣ ጭቃ ወይም ጥላሸት አትቀቡ። በርጥብ እትብት የገባ ጀርም ወደ ደም ዘልቆ ጉልበቱን ያሳብጣል፤ ብዙ ጊዜም ይገድላል።

3ኛ. የእናቲቱን ጡት በንጹሕ ውኃ አጥባችሁ ከእያንዳንዱ ጫፍ ጥቂት አልቡ። ጫፉ ተደፍኖ እንደሆነ በዚህ ይታወቃል።

4ኛ. ጥጃው ራሱ ቆሞ ካልጠባ ደግፋችሁ አጥቡት። 25 ኪሎ የሚመዝን ጥጃ በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት 2 ሊትር ተኩል ያህል እንገር ያስፈልገዋል። 2 ኪሎ የሚመዝን ግልገል በአንድ ጊዜ 100 ሚሊ ሊትር፣ ማለትም ግማሽ የውኃ ብርጭቆ ያህል፣ በአንድ ቀንና ሌሊት ውስጥ አራት ጊዜ ማግኘት ይገባዋል።

5ኛ. መንታ ሲወለድ ደካማውን አስቀድሙ። ብርቱው ገፍቶ ይጠባል፤ ትንሹ ግን ጠዋት ሞቶ ይገኛል።

6ኛ. እናቲቱ ብትሞት ወይም ወተት ባይኖራት በዚያው ቀን ከወለደች ሌላ ፍየል ወይም በግ እንገር አልባችሁ ስጡት። እርሱም ካልተገኘ የላም እንገር ይሆናል። በጡጦ ስትሰጡ ወተቱ ለብ ያለ ይሁን። አንገቱን ወደ ላይ ቀጥ አድርጋችሁ አትጋቱት፤ ወተቱ ወደ ሳንባ ይገባና ይገድለዋል።

፫. ማደሪያው

ሁለተኛው መድኃኒት ደረቅ ጉዝጓዝ ነው። ጭቃና ሽንት ባለበት በረት የሚያድር ግልገል እንገር ቢጠባም ይታመማል፤ ጀርሙ ከኃይሉ ይበልጣልና። በየቀኑ እርጥቡን ጉዝጓዝ አውጥታችሁ ደረቅ የማሽላ ቅጠል ወይም ጭድ ጎዝጉዙ። ግልገሎችን ከትልልቆቹ ለዩ፤ ይረገጣሉ፣ ይገፋሉ፣ ከትልልቆቹ ፋንድያም በሽታ ይይዛሉ።

ብዙ ሰው ጅብና ቀበሮ ፈርቶ ግልገሎቹን ሰው በሚተኛበት ቤት ያሳድራል። ፍርሃቱ ተገቢ ነው፤ የምድጃው ጢስ ግን ሳንባቸውን ይጎዳል። ይልቁንም ከቤቱ ግድግዳ ጋር የተያያዘ፣ ወለሉ ከፍ ያለ፣ በሩ የሚዘጋ፣ ከላይ ግን አየር የሚያስገባ ትንሽ ጉረኖ ሥሩላቸው።

፬. ወተቱና መኖው

የላሟ ወተት ለቅቤም፣ ለሕፃናትም፣ ለጥጃም ይፈለጋል። ክርክሩም በየቤቱ አለ፤ የላሙን ጡት የምታልበው እመቤት ይህን ከማንም በላይ ታውቀዋለች። ምክራችን ይህ ነው፤ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ወራት ከአራቱ ጡት ሁለቱን ለጥጃው ተዉለት። ጥጃ በቀን ከክብደቱ አንድ አሥረኛ ያህል ወተት ካላገኘ ይቀጭጫል፤ የቀጨጨም ቶሎ ይታመማል።

ከሁለተኛው ሳምንት ጀምሮ ለስላሳ ድርቆሽ፣ የሰስባንያ ወይም የሉኪኒያ ቅጠል ጥቂት በጥቂት አቅርቡ። ጨጓራው ሣር መፍጨት የሚማረው ሣር ሲቀምስ ነው። ንጹሕ ውኃም ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ ይኑር፤ «ወተት ይበቃዋል» አይባልም።

እረኞች አንድ ነገር ይጠንቀቁ። በእኛ አገር ማሽላ ብዙ ነው፤ ነገር ግን ገና ያላደገ ማሽላ፣ በድርቅ የጠወለገ ማሽላ፣ ከታጨደ በኋላ ከሥሩ ያቆጠቆጠም ማሽላ መርዝ አለበት። የበላ እንስሳ ትንፋሹ ይፈጥናል፣ ይንገዳገዳል፣ በጥቂት ደቂቃም ሊሞት ይችላል። የበሰለውና በደንብ የደረቀው አገዳ ግን መኖ ነው።

የመውለጃውን ጊዜ መምረጥም ይቻላል። በግና ፍየል የሚያረግዙት አምስት ወር ነው። በሐምሌና በነሐሴ የሚወለድ ግልገል ጭቃና ብርድ ያገኘዋል። አውራው በግንቦት ከእንስቶቹ ጋር ቢለቀቅ ግን ግልገሎቹ በጥቅምት፣ ሣሩ ሳይጠፋ፣ መሬቱም ደርቆ ሳለ ይወለዳሉ። ግንቦት ሣር የሚያንስበት ወር ስለሆነ በዚያን ጊዜ እንስቶቹን በቅጠልና በፉርሽካ መደጎም ይገባል። በእርግዝናቸው የመጨረሻ ስድስት ሳምንትም እንዲሁ አድርጉ፤ ሲወለድ ክብደቱ ያነሰ ግልገል ከሌላው ይልቅ ለሞት ቅርብ ነውና።

፭. ተቅማጥ ሲይዘው

ጥጃን በመጀመሪያው ወር ከሁሉ በላይ የሚገድለው ተቅማጥ ነው። የሚገድለውም ውኃና ጨው ከሰውነቱ ሲያልቅ ነው። የአንገቱን ቆዳ ቆንጥጣችሁ ልቀቁ፤ ቆዳው ቶሎ ካልተመለሰ፣ ዓይኑም ከጎደጎደ፣ ውኃው አልቋል ማለት ነው።

ያን ጊዜ እንዲህ አድርጉ። አንድ ሊትር ውኃ አፍልታችሁ አብርዱ፤ ስድስት የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ጨምሩበት፤ ማንኪያው ልሙጥ ይሁን እንጂ አይከመር። ከፋርማሲ የሚገኘው «ኦአርኤስ» የተባለው ዱቄትም ይሆናል። ለጥጃ ከሁለት እስከ ሦስት ሊትር በቀን ውስጥ ከፋፍላችሁ ስጡ፤ ለግልገል ደግሞ ጥቂት ጥቂት እያደረጋችሁ ደጋግሙ። ወተቱን አትከልክሉ፤ ይህን ውኃና ወተቱን ግን በተለያየ ሰዓት ስጡ።

ተቅማጡ ደም ካለበት፣ ጥጃው መቆም ካቃተው ወይም መጥባት ከተወ ሳትዘገዩ ወደ እንስሳት ጤና ክሊኒክ ውሰዱት። ከገበያ የተገዛ፣ ማን እንደ ሠራው የማይታወቅ መድኃኒት አትስጡ። የሆድ ትል መድኃኒትም በእንስሳው ክብደት ተለክቶ በባለሙያ ምክር የሚሰጥ ነው። የጥጃ ተቅማጥ ወደ ሕፃናትም ሊተላለፍ ይችላልና የነካችሁበትን እጅ በሳሙና ታጠቡ።

፮. ክትባት

አባቶቻችን ክፉ ቀን ብለው የሚያስታውሱት ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. የነበረው ረኃብ የጀመረው ደስታ የተባለው በሽታ የአገሩን ከብት በፈጀ ጊዜ ነው። ያ በሽታ ዛሬ በዓለም ላይ የለም፤ በክትባት ተሸንፎ በሰኔ 2003 ዓ.ም. መጥፋቱ ታውጇል። የእርሱ ዘመድ የሆነው የበግና የፍየል ደስታ መሰል በሽታ ግን አለ፤ ዓለም እርሱንም እስከ 2022 ዓ.ም. ለማጥፋት ዓላማ ይዟል። ምልክቱ ትኩሳት፣ የዓይንና የአፍንጫ ፈሳሽ፣ የአፍ ቁስል፣ ሳልና ተቅማጥ ነው። ይህን ያየ ሰው እንስሳውን ወደ ገበያ ሳይነዳ ወዲያው ለቀበሌው ባለሙያ ያስታውቅ።

ክትባትና እንገር አብረው ይሠራሉ። የተከተበች እናት የክትባቱን ኃይል በእንገሯ ለግልገሏ ታወርሳለች፤ ያ ኃይል ከሦስት እስከ አራት ወር ገደማ ሲያልቅ ግልገሉ ራሱ ይከተባል። የደስታ መሰል ክትባት አንድ ጊዜ ከተሰጠ ቢያንስ ሦስት ዓመት ይጠብቃል። አባ ጎርባ ደግሞ ከስድስት ወር እስከ ሁለት ዓመት ያለውን፣ በተለይም ሰውነቱ ያማረውን ጥጃ ስለሚመታ ጥጃዎቻችሁን ከክትባቱ ቀን አታስቀሩ። በቢሾፍቱ ባለው ብሔራዊ የእንስሳት ጤና ኢንስቲትዩት የሚሠራው ክትባት ቅዝቃዜው ተጠብቆ እስከ ቀበሌያችሁ የሚመጣው በብዙ ድካም ነውና ቀጠሮውን አክብሩ።

፯. ለልማት ሠራተኞች

ገበሬው የሞተውን አይቆጥርም ብለናል፤ ስለዚህ መቁጠሩን እናንተ አስተምሩ። በየቤቱ አንድ ደብተር ይኑር፤ የተወለደበት ቀን፣ እንገር የጠባበት ሰዓት፣ የታመመበትና የሞተበት ቀን ይጻፍበት። ለምሳሌ በአንድ መንደር 40 ግልገሎች ተወልደው በሦስት ወር ውስጥ 10 ቢሞቱ ከአራት አንዱ ጠፋ ማለት ነው። በሚቀጥለው ዓመት ቁጥሩ ወደ 5 ቢወርድ ሕዝቡ የትምህርቱን ጥቅም ከራሱ ደብተር ያነባል።

ምክሩንም ለአባወራው ብቻ አትንገሩ። ጥጃውን የምታጠባው እመቤቲቱ ናት፤ ግልገሉን የሚያግደው ልጅ ነው። እነርሱ ያልሰሙት ትምህርት በረት አይደርስም።

ገበሬዎች ሆይ፤ ከዚህ ሁሉ አንድ ነገር ብቻ የምትይዙ ከሆነ ይህን ያዙ፤ የተወለደው ሁሉ በ6 ሰዓት ጊዜ ውስጥ እንገር ጠግቦ በደረቅ ጉዝጓዝ ላይ ይተኛ።

በስብሰባ ላይ የምትወያዩባቸው ጥያቄዎች

1. ባለፈው ዓመት በቤታችሁ ስንት ጥጃና ግልገል ተወለደ? ስንቱስ ሞተ? በስንተኛው ቀን?

2. ጥጃ በሌሊት ቢወለድ እንገር የሚያጠባው ከቤታችሁ ማን ነው?

3. የእንግዴ ልጅ እስኪወጣ ጥጃን ከጡት መከልከል ለምን ይጎዳል?

4. በመንደራችሁ ያልበሰለ ማሽላ ያለበት ማሳ የት የት ነው? እረኞቹስ ያውቁታል?