የተሰወረችው ስትናገር

በዚህ ጥናት የምንመለከተው መከራ ያለፈበት ሰው ታሪኩን በፊልም ሲናገር እኛ ሰሚዎቹ ምን ዕዳ እንዳለብን ነው። ለዚህም በ2007 እ.ኤ.አ. የወጣውን «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» የተባለ ዘጋቢ ፊልም መርጠናል። በወሊድ ፊስቱላ የተጎዱ አምስት የአገራችን የገጠር ሴቶች ታሪካቸውን በገዛ አፋቸው ይናገሩበታል።

ምጥ ለቀናት ሲጠና የሕፃኑ ራስ የእናቲቱን ፊኛ ከዳሌ አጥንት ጋር ይጫነዋል፤ ደም ያጣው ሥጋ ይሞትና ይበሳል። ሕፃኑ አብዛኛውን ጊዜ ሞቶ ይወለዳል። ከዚያ ወዲያ ሽንት፣ አንዳንዴም ዓይነ ምድር፣ ያለማቋረጥ ይፈሳል። ከሴቶቹ አንዷ ከሰው ተለይታ ከእናቷ ቤት ኋላ በተጠጋች ትንሽ ጎጆ ትኖር ነበር። ያቺን ጎጆ የማያውቅ የጎጃም ገጠር ሠራተኛ ይኖር ይሆን?

ሴቶቹ በእግርና በአውቶቡስ የደረሱበት የአዲስ አበባው ሆስፒታል ዶክተር ሬጂናልድና ዶክተር ካትሪን ሃምሊን የመሠረቱት ነው። ባልና ሚስቱ በ1959 እ.ኤ.አ. ለሦስት ዓመት ውል መጡ፤ ዶክተር ካትሪን በ2020 እስካረፉ ድረስ ኖሩበት። በ2005 ደግሞ የባሕር ዳሩ ማእከል ስለ ተከፈተ ከደብረ ማርቆስ ለሚነሣ በሽተኛ ዓባይን መሻገር የግድ መሆኑ ቀረ።

ፊልሙን የምናከብረው ቀዶ ሕክምና ብቻውን ያልበቃትን ሴት ስላልደበቀ ነው። እኛ ለደጋፊዎች ስንጽፍ የዳኑትን ብቻ መጻፍ ይቀናናል።

ሌላም ጥፋት አለብን። በአንድ ጉባኤ የዳነች እህት ለምስክርነት እንድትቆም ጠየቅናት፤ እምቢ ማለት አፍራ ቆመች። ከፊቷ የተቀመጡት የቀድሞ ባሏ ዘመዶች መሆናቸውን አላስተዋልንም። ጥቂት ተናግራ ነጠላዋን በፊቷ ላይ ሳበች፤ በሚቀጥለው እሑድም አልመጣችም። በማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 5 ያለችው ሴት በሕዝብ መካከል እውነቱን ሁሉ የተናገረችው ከተፈወሰች በኋላ ነው፤ ጌታም በሰላም ሰደዳት። እኛ ግን ማን እንደሚሰማት፣ ነገ ወዴት እንደምትገባ ሳንጠይቅ አቆምናት።

ስለዚህ ዛሬ ፊልሙን ከማሳየታችን በፊት የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋን እናነጋግራለን፤ የመንገዱን ደኅንነት እንጠይቃለን፤ የአውቶቡስና የስንቅ ገንዘብ ለበሽተኛዋና ለአስታማሚዋ እናስቀምጣለን። ይህ ካልተዘጋጀ ባናሳይ ይሻላል።

ባለፈው ጊዜ «ጥያቄ ያለው?» ብንል ማንም አልተነፈሰም። አግዳሚ ወንበሮቹን ስንሰበስብ አንዲት እናት ቀርበው፣ «የጎረቤቴ ልጅ እንዲህ ሆናለች፤ ስንት ያስከፍላል?» አሉን። ሕክምናው በነጻ መሆኑን ነገርናቸው። በሦስተኛው ቀን መናኸሪያ ስንገናኝ ልጂቱ የገዛ ልጃቸው ነበረች። ስሟንም ሆነ ታሪኳን አልጠየቅንም፤ ትኬቱን ቆርጠን አሳፈርናቸው።