ብርሃን የሚንቀራፈፍበት ዓለም

በዛሬው የሳይንስ ዓምዳችን ስለ ብርሃን ፍጥነት እንማማራለን። ጽሑፌ ትምህርትም ይቅርታም ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የአክስቴ ልጅ ከዩኒቨርሲቲ ለእረፍት መጥቶ ያነበበውን ልብ ወለድ ተረከልኝ። ደራሲው ቴሪ ፕራቸት የሚባል እንግሊዛዊ ሲሆን የመጀመሪያው መጽሐፍ የወጣው በ1983 እ.ኤ.አ. ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ያለው ዓለም ዲስክወርልድ ይባላል። እንደ እንጀራ ክብና ዝርግ ነው። አራት ዝሆኖች ተሸክመውታል፤ ዝሆኖቹ ደግሞ ግዙፍ ኤሊ ላይ ቆመዋል፤ ኤሊው በጠፈር ውስጥ ይዋኛል። በዚያ ዓለም አስማት ስለሚበዛ ብርሃን ይንቀራፈፋል። ጠዋት ፀሐይ ስትወጣ ብርሃኑ እንደ ማር ቀስ እያለ በምድሩ ላይ ይፈሳል።

በማግስቱ በእረፍት ሰዓት ይህንን ለልጆች አወራሁ። ሁሉም ከበቡኝ። እኔም ደስ ስላለኝ ልብ ወለድ መሆኑን ሳልናገር ቀረሁ። «ብርሃን እኮ ቀርፋፋ ነው!» አልኩ። በሳምንቱ የሳይንስ ፈተና መጣ። አንዱ ጥያቄ «ብርሃን ከድምፅ ይፈጥናል፤ እውነት ወይስ ሐሰት?» የሚል ነበር። እኔ ደብተሬ ላይ ያለውን አስታውሼ «እውነት» አልኩ። አብራኝ የምትቀመጠው ጓደኛዬ ግን «ሐሰት» ብላ ጻፈች። ከ10 9 አገኘች። ወረቀቴን ስታይ «ለራስሽ እውነቱን ጽፈሽ እኔን አሳሳትሽኝ» አለችኝና ሌላ ዴስክ ላይ ሄዳ ተቀመጠች። የምመልሰው አጣሁ።

ለሳይንስ መምህራችን ስነግራቸው አልተቆጡኝም። «ያወራሽው በሁሉም ፊት ነው፤ እርማቱንም ሁሉም ያንብበው። ታሪኩን ግን አትጣይው፤ በሂሳብ ፈትሺው» አሉኝ። ይኸው ፈተሽኩት።

1. እውነቱ ምንድን ነው?

ብርሃን በባዶ ጠፈር ውስጥ በአንድ ሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። ድምፅ በአየር ውስጥ በአንድ ሰከንድ የሚሄደው 340 ሜትር ገደማ ነው። ብርሃን በጣም ፈጣን ቢሆንም ጊዜ አይወስድም ማለት ግን አይደለም። ፀሐይ ከምድር 150,000,000 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች። ይህንን ለ300,000 ስናካፍል 500 ሰከንድ ይሆናል፤ ማለትም 8 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ። ስለዚህ አሁን የሚሞቀን ብርሃን ከፀሐይ የተነሳው ከ8 ደቂቃ በፊት ነው።

2. ብርሃን እውነት ቀርፋፋ ቢሆንስ?

ብርሃን በሰከንድ 17 ሜትር ብቻ ይሄዳል እንበል። ከባንዲራው እንጨት 34 ሜትር ርቀን ቆመናል። 34 ሲካፈል ለ17፣ 2 ይሆናል። ባንዲራው መውጣት ከጀመረ ከ2 ሰከንድ በኋላ ነው የምናየው ማለት ነው። እዚያው ሆነው መምህር ፊሽካ ቢነፉስ? ድምፁ በ1 ሰከንድ አንድ አሥረኛ ይደርሰናል፤ ፊሽካውን ወደ አፋቸው ሲያስጠጉ የምናየው ግን በኋላ ነው። መጀመሪያ ሰምተን ከዚያ እናያለን!

መብረቅም እንደዚያው ይሆን ነበር፤ ነጎድጓዱ ይቀድምና ብልጭታው ይከተላል። እኛ ግን በክረምት የምናየው ተቃራኒውን ነው። ብልጭ ይላል፣ እንቆጥራለን፣ ከዚያ ያጓራል። በመካከሉ 3 ሰከንድ ከቆጠርን መብረቁ 1 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። እኔ በእረፍት ሰዓት ያወራሁት ስህተት መሆኑን ለማወቅ መጽሐፍ እንኳ አያስፈልግም ነበር፤ የክረምት ዝናብ በቂ ነው። ያን ጊዜ ግን ማናችንም አላስታወስነውም፤ እኔም ጭምር።

3. ብርሃንን ማዘግየት ይቻላል?

ይቻላል! ውሃ ውስጥ ሲገባ በሰከንድ ወደ 225,000 ኪሎ ሜትር ይቀንሳል፤ በመስታወት ውስጥ ደግሞ ወደ 200,000። እርሳስ ውሃ ባለበት ብርጭቆ ውስጥ ሲቆም የተሰበረ የሚመስለው በዚህ ምክንያት ነው። 17 ሜትርንም ዝም ብዬ አልመረጥኩም። በ1999 እ.ኤ.አ. ሌኔ ሃው የተባለች የዴንማርክ ተወላጅ ሳይንቲስት አሜሪካ ውስጥ ከባልደረቦቿ ጋር ሆና፣ እጅግ በጣም በቀዘቀዘ የሶዲየም ጋዝ ውስጥ የብርሃንን ፍጥነት በሰከንድ ወደ 17 ሜትር አወረደችው። ይህ በሰዓት 61 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ሚኒባስ ሊቀድመው ይችላል! ያዘገየው ግን አስማት አይደለም፤ ቅዝቃዜና የሌዘር ብርሃን ነው።

ስለዚህ ልጆች፣ ልብ ወለድ ማንበብም ማውራትም ጥሩ ነው። ስናወራ ግን «ይህ ልብ ወለድ ነው» እንበል። የምንሰማውም በዓይናችን ካየነው ጋር እናስተያየው። ጓደኛዬን ደግሞ በሁላችሁም ፊት ይቅርታ እጠይቃለሁ። ይህንን ጽሑፍ ለክበቡ ከመስጠቴ በፊት አሳይቻት ነበር። 34 ለ17 ሲካፈል 3 ብዬ ጽፌ ኖሮ «2 ነው እኮ!» ብላ ያረመችልኝ እሷ ናት። ወደ ዴስካችን ገና አልተመለሰችም።

ጥያቄ፦ ጨረቃ ከምድር 384,000 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች። ብርሃኗ እኛ ዘንድ ለመድረስ ስንት ሰከንድ ይፈጅበታል? መልሱን በሚቀጥለው እትም ይጠብቁ። እስከዚያው ደህና ሁኑ!

ከ7ኛ ክፍል፣ የሚኒ ሚዲያ ክበብ አባል