ማኅበር ሲፈርስ ባለገንዘቦች የሚከፈሉት እንዴት ነው?

«ማኅበሩ ፈረሰ» ሲባል፣ ያበደሩት ሁሉ የተረፈውን ንብረት እኩል የሚካፈሉ የሚመስለን ብዙዎች ነን። ነገሩ ግን እንዲህ አይደለም። አንዱ ገንዘቡን ሙሉ በሙሉ ሲያገኝ፣ ሌላው ሩቡን ብቻ ይዞ ይሄዳል። ልዩነቱ ከምን እንደሚመጣ በምሳሌ እንመልከት።

አስቀድመን መሠረቱን እናስታውስ። ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ከአባላቱ የተለየ ሰውነት በሕግ ስላለው፣ ዕዳው የሚከፈለው ከራሱ ንብረት ነው እንጂ ከአባላቱ ኪስ አይደለም። በሚፈርስበት ጊዜ ሒሳብ አጣሪ ይሾማል፤ አጣሪውም ንብረቱን ሸጦ ዕዳውን ይከፍላል። ንብረቱ ለዕዳው የማይበቃ ሲሆን ግን «ማን ይቅደም?» የሚለው ጥያቄ ይነሣል።

እንግዲህ አንድ የልብስ ስፌት ማኅበር ፈረሰ እንበል። ሕንፃው በ3,000,000 ብር፣ የስፌት መኪናዎቹና ሌላው ዕቃ በ500,000 ብር ተሸጠ። በሕንፃው ላይ መያዣ ያስመዘገበ ባንክ 3,400,000 ብር፣ ሠራተኞች የ100,000 ብር ደመወዝ፣ የጨርቅ ነጋዴ 800,000 ብር፣ የክር ነጋዴ 400,000 ብር ይጠይቃሉ። የአጣሪውን ወጪና ግብርን ለጊዜው እንተዋቸው።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 3059 ባለመያዣው ከሕንፃው ሽያጭ ከሌሎች በፊት እንዲከፈለው ስለሚፈቅድ፣ ባንኩ 3,000,000 ብሩን ይወስዳል። የቀረው 400,000 ብር እንደ ተራ ዕዳ ይቆጠራል። ከዕቃው ሽያጭ የሠራተኞቹ ደመወዝ ከተከፈለ በኋላ 400,000 ብር ይተርፋል። ይህም ለ1,600,000 ብር ተራ ዕዳ ሲደለደል፣ ለእያንዳንዱ ብር 25 ሳንቲም ይደርሳል። የጨርቁ ነጋዴ 200,000 ብር ብቻ አገኘ ማለት ነው።

ይህ ነጋዴ ከባንኩ ቀድሞ የተፈረመ፣ ግን ያልተመዘገበ የመያዣ ውል ቢኖረውስ? ምንም አይጠቅመውም። ቁጥር 3052 እንደሚለው መያዣ የሚጸናው በማይንቀሳቀስ ንብረት መዝገብ ከገባበት ቀን ጀምሮ ነው። በፈረመበት ዕለት አስመዝግቦ ቢሆን ኖሮ 800,000 ብሩን ሙሉ በሙሉ ባገኘ ነበር። 600,000 ብር ያሳጣው አንድ ቀን መዝገብ ቤት አለመሄዱ ነው።

አሁን ወደ አስቸጋሪው ነጥብ እንምጣ። ማኅበሩ ከሕንፃው በቀር ምንም ባይኖረው ሠራተኞቹ ከምን ይከፈላሉ? የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የሠራተኛ ክፍያ ከሌሎች ዕዳዎች ይቀድማል ይላል፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ደግሞ ባለመያዣው ይቀድማል ይላል። ሁለቱም «እኔ ልቅደም» ባዮች ናቸው።

እኛ ወደ ሠራተኞቹ እናደላለን። ባንክ ከማበደሩ በፊት መያዣ መጠየቅ ይችላል፤ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረትም በውሉ ከተስማማ፣ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ ይሸጣል። ሠራተኛው ግን አስቀድሞ ጉልበቱን አበድሮ የወሩን መጨረሻ ከመጠበቅ በቀር ምን መያዣ ይጠይቃል? በሌላ በኩል፣ መያዣው ዋስትናውን ካጣ ባንኮች ለእንዲህ ያለ ማኅበር ማበደር ይፈራሉ የሚሉ ጓደኞች አሉ፤ ክርክራቸውም ቀላል አይደለም። ስለዚህ ተቃዋሚዎቻችን መልሳቸውን ለሚቀጥለው እትም እንዲልኩልን እንጋብዛለን።