ጀልባ ዳገት እንዴት ይወጣል? — የሊሃይ ወንዝና የከሰል ቦዩ ታሪክ

በአንድ የማስተማር ልምምድ ክፍለ ጊዜ ከኋላ ወንበር ተቀምጬ እከታተል ነበር። ዕጩ መምህሩ የሚያስተምረው ስለ ውሃ መጓጓዣ ነው። ወንዝን፣ ሐይቅን፣ ባሕርን ዘርዝሮ «ካናል» ከሚለው ቃል ላይ ሲደርስ አንድ የስድስተኛ ክፍል ልጅ እጁን አወጣና፣ «ጋሼ፣ ጀልባው ዳገት ሲገጥመው እንዴት ይወጣል?» ሲል ጠየቀ። መምህሩ ጥቂት አሰበና «ወደፊት ትማሩታላችሁ» ብሎ አለፈው። ልጁ እጁን አወረደ። ደወል እስኪደወል ድረስ ዳግመኛ አላወጣውም።

በዕጩ መምህሩ አልፈርድበትም፤ እኔም በጀማሪነቴ ስንቱን ጥያቄ በዚያው መልስ ሸኝቼዋለሁ። ነገር ግን ጥያቄው ትልቅ ጥያቄ ነው። መልሱን ለማግኘት አንድ ወንዝና አንድ ቦይ መርጠን ታሪካቸውን እንከተል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

1. ወንዙና ጥቁሩ ድንጋይ

ሊሃይ በአሜሪካ፣ በፔንሲልቬኒያ ክፍለ ግዛት የሚገኝ ወንዝ ነው። ከፖኮኖ ተራሮች ተነሥቶ 175 ኪሎ ሜትር ያህል ከተጓዘ በኋላ ኢስተን በተባለች ከተማ ከዴላዌር ወንዝ ጋር ይቀላቀላል። ዴላዌርም ወደ ፊላዴልፊያ ይወርዳል። አገሩ አስቀድሞ የሌናፔ ሕዝብ አገር ነበር። በ1737 ግን የቅኝ ግዛቱ ባለቤቶች ሰው በአንድ ቀን ተኩል በእግሩ የሚደርስበትን ያህል መሬት ይሰጣል የሚል የቆየ ውል አለን ብለው፣ ፈጣን ሯጮች ቀጥረው፣ ሰፊ መሬት ወሰዱባቸው።

በ1791 ፊሊፕ ጊንደር የተባለ ሰው ሰሚት ሂል በተባለው ተራራ ላይ ጥቁር ድንጋይ እንዳገኘ ይነገራል። ድንጋዩ አንትራሳይት የሚባለው ጠንካራ የድንጋይ ከሰል ነበር። አንትራሳይት አንዴ ከተያያዘ ኃይለኛ ሙቀት ይሰጣል፤ ጭሱም ትንሽ ነው። ችግሩ በቀላሉ አለመቀጣጠሉ ነው። በ1803 ወደ ፊላዴልፊያ የደረሰውን ጥቂት ከሰል የከተማይቱ ሰዎች ሊያነድዱት ሞክረው እሳቱን ስላጠፋባቸው ሰባብረው መንገድ ላይ አነጠፉት ይባላል።

ጆሳያ ዋይት እና ኧርስኪን ሃዛርድ በፊላዴልፊያ አጠገብ የሽቦ ፋብሪካ ነበራቸው። በ1812 በተነሣው ጦርነት የለመዱት ለስላሳ ከሰል ሲታጎልባቸው አንትራሳይቱን መሞከር ግድ ሆነባቸው። ታሪኩ እንዲህ ይተረካል፦ ሠራተኞቹ ሌሊቱን እሳቱን ሲቆሰቁሱ፣ ሲያራግቡ ቆዩና ተስፋ ቆርጠው የምድጃውን በር ዘግተው ወጡ። አንዱ ኮቱን ረስቶ ቢመለስ በሩ ግሎ ቀልቷል! ለካስ አንትራሳይት የሚፈልገው መቆስቆስ ሳይሆን ተዘግቶ መተው ኖሯል።

2. አንድ ጊዜ ብቻ የሚሄድ ጀልባ

ከሰሉ ተራራው ላይ፣ ገበያው ደግሞ ከታች ከከተማው ነው። በመካከል ያለው ሊሃይ በበጋ ድንጋዩ የሚታይ፣ በክረምት ደግሞ የሚደነፋ ወንዝ ነበር። በ1818 ዋይትና ባልደረቦቹ ወንዙን እንዲያቀኑ የክፍለ ግዛቱ ምክር ቤት ፈቃድ ሰጣቸው። ብዙዎቹ ግን ገንዘባቸውን ውሃ ሊበላው ነው ብለው ነበር።

ዋይት ያሰበው ዘዴ ይህ ነው። በወንዙ ላይ ግድብ ይሠራል፤ በግድቡ መሐል ወለሉ ላይ የሚተኙ ሁለት ሳንቃዎች ይገጠማሉ። ከሥራቸው ውሃ ሲለቀቅ ሳንቃዎቹ ይነሡና በሩን ይዘጋሉ፤ ከኋላ ውሃ ይጠራቀማል። ከሥር ያለው ውሃ ሲቀነስ ሳንቃዎቹ ተመልሰው ይተኛሉ፤ የተጠራቀመውም ውሃ እንደ ጎርፍ ወርዶ ጀልባዎቹን ይዞ ይሄዳል። ሠራተኞቹ ምን እንደሚሠሩ ሲጠየቁ «የድብ ወጥመድ» እያሉ ጠያቂውን ስለሸኙ የመሣሪያው ስም ያው ሆኖ ቀረ። በ1820 በዚህ መንገድ 365 ቶን ከሰል ፊላዴልፊያ ደረሰ።

ታዲያ ዘዴው አንድ ትልቅ ጉድለት ነበረው። ጎርፍ ቁልቁል ይወስዳል እንጂ ሽቅብ አይመልስም። ስለዚህ ጀልባዎቹ ሣጥን መሳይ ሆነው ከሳንቃ ይመቱና፣ ፊላዴልፊያ ሲደርሱ ተፈትተው እንጨታቸው ይሸጣል። ጀልባ ነጂዎቹ በእግራቸው ይመለሳሉ። በ1831 ብቻ የተሠሩት ጀልባዎች ቢቀጣጠሉ ርዝመታቸው ከ20 ኪሎ ሜትር ይበልጥ ነበር። ለዚህ ሁሉ ሳንቃ ስንት ዛፍ እንደወደቀ አስቡት። ጫካው እየራቀ፣ እንጨቱም እየተወደደ ሄደ።

3. ሁለት በር ያለው ክፍል

እነሆ የልጁ ጥያቄ እዚህ ላይ መጣ፤ ጀልባው እንዴት ይመለስ? ለዚህ ሲባል ከ1827 እስከ 1829 ከማውክ ቸንክ እስከ ኢስተን ድረስ 74 ኪሎ ሜትር የሚሆን መደበኛ ቦይ ተሠራ። የሥራው ዋና መሐንዲስ በኢሪ ቦይ ሥራ የታወቀው ካንቫስ ዋይት ነበር።

እኛ ቦይ ስንል መስኖ የሚጠልፈው ቦይ ነው የሚታየን። እሱ ውሃ እንዲፈስ ይሠራል። የጀልባ ቦይ ግን ውሃው እንዳይሮጥ፣ ጸጥ ብሎ እንዲተኛ ይሠራል። በሁለቱ ከተሞች መካከል መሬቱ ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ስለሚል ቦዩን እንደ ደረጃ ከፋፍሎ መሥራት አስፈለገ። በአንዱ ደረጃና በሚቀጥለው መካከል ፊትና ኋላ በር ያለው ክፍል አለ። ወደ ላይ የሚሄድ ጀልባ በታችኛው በር ይገባል፤ በሩ ከኋላው ይዘጋል። ከዚያ በላይኛው በር ላይ ካሉ ትንንሽ ቀዳዳዎች ውሃ ይለቀቅና ክፍሉ ይሞላል፤ ጀልባውም አብሮ ይነሣል። ውሃው ከላይኛው ቦይ ጋር ሲተካከል ላይኛው በር ይከፈታል። መውረድ ሲሆን የዚሁ ተቃራኒ ነው። ጀልባውን ዳገት የሚያወጣው ሞተር ሳይሆን የውሃው የራሱ ክብደት ነው!

በጸጥተኛው ውሃ ላይ በዳር መንገድ የሚሄዱ ሁለት ወይም ሦስት በቅሎዎች 80 ቶንና ከዚያም በላይ የጫነ ጀልባ ይጎትታሉ። 80 ቶን 800 ኩንታል ነው። አንድ በቅሎ በጀርባዋ አንድ ኩንታል ትጭናለች ብንል የ800 በቅሎ ጭነት ማለት ነው።

በ1832 ከኢስተን እስከ ብሪስቶል የሚወርደው የዴላዌር ቦይ ተከፈተ። የሊሃይ ቦይ በሮች 6.7 ሜትር ያህል ስፋት ሲኖራቸው፣ የዴላዌሩ ግን 3.3 ሜትር ያህል ብቻ ነበሩ። እንግዲህ ወደ ፊላዴልፊያ የሚዘልቀው ጀልባ መጠን በጠባቡ በር ተወሰነ ማለት ነው። የላይኛው ቦይ ቢሰፋ ምን ይጠቅማል?

4. ቦዩ ያመጣው ለውጥ

በ1840 ዴቪድ ቶማስ የተባለ የዌልስ ሰው በቦዩ ዳር፣ ካታሶኳ በተባለ ቦታ፣ በአንትራሳይት ብረት ማቅለጥ ቻለ። ከሰሉ የሚመጣው በቦዩ ነው፤ ለምድጃው አየር የሚነፋውን መሣሪያ የሚያንቀሳቅሰውም የቦዩ ውሃ ነው። በቦዩ ዳር ፋብሪካና ከተማ ተበራከተ። በ1855 ቦዩ ያጓጓዘው ከሰል ከአንድ ሚሊዮን ቶን በላይ ደረሰ።

የሚገርመው በዚያው በ1855 ዓመት የሊሃይ ሸለቆ ባቡር ሥራ መጀመሩ ነው። ባቡሩን ያሠራው ኤሳ ፓከር ቀደም ሲል በዚሁ ቦይ ላይ ጀልባ ነጂ የነበረ ሰው ነው። ቦዩ በክረምት ብርድ ውሃው በረዶ ሲሆን ይቆማል፤ ባቡር ግን አይቆምም።

5. ዋጋውን ማን ከፈለ?

ከ1830ዎቹ ጀምሮ ቦዩ ከማውክ ቸንክ ሽቅብ እስከ ዋይት ሄቨን ተቀጥሎ ነበር። በዚያ 42 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ መሬቱ 180 ሜትር ያህል ስለሚነሣ ግድቦቹ እጅግ ረጃጅም ነበሩ። በሰኔ ወር 1862 ከባድ ዝናብ ወረደ። በላይ በኩል ለመሰንጠቂያ የተከማቸው ግንድ ማገጃውን ሰብሮ ወረደና የመጀመሪያውን ግድብ መታ። ያ ሲሰበር ውሃው የሚቀጥለውን፣ የሚቀጥለው ደግሞ ሌላውን እያፈረሰ ሄደ። ከ100 በላይ ሰዎች አለቁ። ጫካው ተመንጥሮ መሬቱ መራቆቱም ጎርፉን እንዳባባሰው መገመት አያስቸግርም። የታችኛው ቦይ ሲጠገን የላይኛው እስከ መጨረሻው ሳይሠራ ቀረ።

ሁለተኛው ዋጋ ግን በጎርፍ የመጣ አይደለም፤ በየቀኑ ይከፈል የነበረ ነው። በቅሎዎቹን ከኋላ እየነዱ በቦዩ ዳር ከንጋት እስከ ምሽት በእግራቸው ይሄዱ ከነበሩት ብዙዎቹ ልጆች ነበሩ። ቤተሰቡ በጀልባው ይኖራል፤ ልጁም ይሠራል። ትምህርት ቤት የሚገቡት ውሃው በረዶ ሆኖ ጀልባው በቆመባቸው ወራት ነው። በረዶው ሲቀልጥ ዴስኩ ባዶ ይቀራል። አዝመራ ሲደርስ የመዝገቡ ስም መጥሪያ እንዴት እንደሚሳሳ የምናውቅ መምህራን ይህን ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያሻንም። ልጁ የሚቀረው ትምህርት ጠልቶ ነው ብለን ከመፍረዳችን በፊት በቅሎውን ማን እንደሚነዳለት እንጠይቅ።

ቦዩ እየደከመ እስከ 1942 ሠራ። ዛሬ በኢስተን ከተማ የቦይ ሙዚየም አለ፤ ጎብኚዎችም በቅሎ በሚጎትተው ጀልባ ይንሸራሸራሉ።

6. በክፍል ውስጥ ለማሳየት

የሚያስፈልጉ፦ በቁመቱ የተሰነጠቀ ጀሪካን፣ ሁለት ቁራጭ ቆርቆሮ፣ የሸክላ ጭቃ፣ የወረቀት ጀልባ።

ሀ. ጀሪካኑን በሁለቱ ቆርቆሮዎች ለሦስት ክፈሉት፤ ዳር ዳሩን በጭቃ ድፈኑ።
ለ. በእያንዳንዱ ቆርቆሮ ላይ ዝቅ አድርጋችሁ ትንሽ ቀዳዳ ብሱና በጭቃ ወትፉ።
ሐ. አንዱን ዳር ውሃ ሙሉት፤ መካከለኛውንና ሌላውን ዳር ጥቂት ጥቂት ጨምሩባቸው። ጀልባውን መካከል አስቀምጡ።
መ. በሙሉው ክፍል በኩል ያለውን ውታፍ ንቀሉ። የሞላው ክፍል ሲጎድል ውሃ ጨምሩበት። ጀልባው ሲነሣ ተማሪዎቹ ይዩት።
ሠ. ውሃው እኩል ሲሆን ቆርቆሮውን አንሡና ጀልባውን አሳልፉ።

ቆርቆሮው ቢያንጠባጥብ አትደንግጡ፤ እውነተኞቹም በሮች ያንጠባጥቡ ነበር።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. «የድብ ወጥመዱ» ዘዴ እያለ ቦይ መሥራት ለምን አስፈለገ?
2. የጫካው መመንጠርና የ1862 ጥፋት ምን ግንኙነት ሊኖራቸው ይችላል?
3. በምታስተምሩበት አካባቢ ልጆችን ከትምህርት የሚያስቀር ሥራ ምንድን ነው? በየትኛው ወር ይበረታል?

በመጨረሻም፣ የማናውቀውን ጥያቄ «ወደፊት ትማሩታላችሁ» ብለን ከምናልፈው፣ «እኔም አላውቀውም፤ ነገ ፈልጌ አመጣለሁ» ብንል ክብራችን አይቀንስም። ያ ዕጩ መምህር በማግስቱ ጀሪካን ይዞ ክፍል ገባ። ውሃው ሞልቶ ጀልባው ሲነሣ መጀመሪያ የጮኸው ያው ልጅ ነበር።