የአንድ ባዶ ወንበር ዋጋ

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ነው» የሚለው ብሂል ለጉብኝት ንግድም ይሠራል። አንድ ቱሪስት ብቻውን ሊከፍለው የሚከብደውን የመኪና፣ የአስጎብኚና የጀልባ ኪራይ ስምንት ሰዎች ሲጋሩት ይቀላል። ብሂሉ የማይመልሰው አንድ ጥያቄ ግን አለ። ሎሚው ለሃምሳ ሰው ተገዝቶ የመጡት አርባ ብቻ ቢሆኑ፣ የቀረውን አሥር ሎሚ የሚሸከመው ማን ነው?

በቦሌ አካባቢ አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ ስልክና አንድ የኪራይ ሚኒባስ ይዞ ሥራ ለሚጀምር አነስተኛ አስጎብኚ መልሱ ግልጽ ነው፤ የሚሸከመው እሱ ነው። ከአዲስ አበባ ወደ ባቱ (ዝዋይ) በአንድ ቀን ደርሶ የሚመለስ፣ ሐይቅ መጎብኘትንና የወይን ጠጅ ቅምሻን ያጣመረ የጥቂት ሰዎች ጉዞ ለዚህ ጥሩ ማስተማሪያ ነው። ሥራው ከውጭ ሲታይ ቀላል ይመስላል፤ ትርፍና ኪሳራው ግን በአንድና በሁለት ወንበር ይለያል።

ገበያው

ይህ ዓይነቱ ጉዞ በዓለም ከታወቀባቸው ስፍራዎች አንዷ የግሪኳ ሳንቶሪኒ ደሴት ናት። እሳተ ገሞራ የቀረጻት ይህች ደሴት ዝናብ የሚያንሳትና ነፋስ የሚበረታባት በመሆኗ፣ ገበሬዎቿ የወይኑን ሐረግ መሬት ላይ እንደ ቅርጫት ጠቅልለው ያሳድጉታል። ፍሬው በቅርጫቱ ውስጥ ሆኖ ከነፋሱ ይጠለላል። የደሴቲቱ አስጎብኚዎች ጥቂት እንግዶችን በአነስተኛ መኪና ይዘው ሁለት ሦስት የወይን ጠጅ ቤቶችን ያዞራሉ፤ በመካከሉም መንደሮቿንና ባሕሩን ያሳያሉ። ወይን ጠጅማ በየሱቁ ይገኛል፤ እንግዳው ገንዘቡን የሚያወጣው ሐረጉ ስለምን እንደ ቅርጫት እንደተጠቀለለ የሚያስረዳው ሰው ስላለ ነው።

አዲስ አበባ ለዚህ የሚሆን ዕቃ አላጣችም። ከከተማዋ በስተደቡብ 160 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ በምትገኘው ባቱ፣ የቅዱስ ጊዮርጊስ ቢራ ባለቤት የሆነው የፈረንሳዩ ካስቴል ቡድን የወይን እርሻና መጥመቂያ አቋቁሞ እ.ኤ.አ. በ2014 «ሪፍት ቫሊ» እና «አካሺያ» የተባሉትን ምርቶቹን ለገበያ አቅርቧል። የወይኑ ችግኝ ከፈረንሳይ የመጣ ነው። እርሻውን እንደ ጅብና ጉማሬ ካሉ አራዊት ለመጠበቅም ዙሪያው ቦይ ተቆፍሮለታል። እንዲህ ያለው ወሬ አውሮፓ ውስጥ ወይን ለጎበኘ እንግዳ አዲስ ነው።

የዝዋይ ሐይቅም ከዚያው ነው። አባ ኮዳና ሌሎች የውኃ ወፎች፣ ጉማሬና የአሣ አጥማጆች ጀልባ ይታይበታል። በደሴቶቹ የዛይ ማኅበረሰብ ሲኖር፣ ከሁሉ ትልቋ በሆነችው ቱሉ ጉዶ ጥንታዊ የማርያም ገዳም አለ። ታቦተ ጽዮን በዮዲት ጉዲት ዘመን ከአክሱም ሸሽታ በዚያ እንደተጠለለች በትውፊት ይነገራል።

ጉዞው ከቦሌ መነሳቱም የራሱ ጥቅም አለው። አውሮፕላን ማረፊያውና አብዛኛው የእንግዳ ሆቴል እዚያው ነው። በሲኤምሲ፣ በሰሚትና በአያት የሚኖሩ የውጭ አገር ሰዎችና ለእረፍት የሚመጡ ትውልደ ኢትዮጵያውያንም ቅርብ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2014 የተመረቀው የአዲስ አበባ–አዳማ ፈጣን መንገድ መግቢያ ቱሉ ዲምቱ በዚሁ አቅጣጫ በመሆኑ፣ መኪናው በመሐል ከተማ መጨናነቅ አይቆምም። ከሞጆ ወደ ባቱም ሌላ ፈጣን መንገድ ተሠርቷል።

ሒሳቡ

በዚህ ንግድ የሚሸጠው ወንበር ነው። መኪናው ግን በወንበር አይከራይም። ትምህርቱ በሙሉ ከዚህ ልዩነት ይመነጫል። ከዚህ በታች ያሉት ቁጥሮች ለስሌት ምሳሌ የተወሰዱ ስለሆኑ እያንዳንዱ ነጋዴ በራሱ ወጪ ይተካቸው።

ስምንት እንግዳ ለሚጭን ጉዞ፣ አንድ ሰውም ይምጣ ስምንት የማይቀር ወጪ፦
– ሚኒባስ ከነሾፌሩና ከነነዳጁ 15,000 ብር
– ጀልባ 4,000 ብር
– የአስጎብኚ አበል 3,000 ብር
– የቢሮና የስልክ የዕለት ድርሻ 2,000 ብር
– የመንገድ ክፍያና ልዩ ልዩ 1,000 ብር
ድምር 25,000 ብር

በእያንዳንዱ እንግዳ ልክ የሚጨምር ወጪ፦
– ቅምሻ 1,500 ብር
– ምሳ 1,000 ብር
– መግቢያ 300 ብር
– ውኃና ፍራፍሬ 200 ብር
ድምር 3,000 ብር

አስጎብኚው አንዱን ወንበር ከታክስ በፊት በ8,000 ብር ቢሸጥ፣ የእንግዳው የራሱ ወጪ 3,000 ብር ተቀንሶ 5,000 ብር ይተርፋል። ይህ 5,000 ብር ገና ትርፍ አይደለም፤ የማይቀረውን 25,000 ብር መክፈያ ነው። ስለሆነም አምስት እንግዳ ሲሞላ ወጪው ይሸፈናል፣ ስድስተኛው የመጀመሪያውን 5,000 ብር ትርፍ ያመጣል፣ ስምንት ሲሞላ ትርፉ 15,000 ብር ይደርሳል። አራት ሰው ይዞ የወጣ ዕለት ግን አስጎብኚው 5,000 ብር ከኪሱ ይጨምራል።

ብዙ ጀማሪ የሚሳሳተው 25,000 ብሩን ለስምንት አካፍሎ «አንድ ሰው የሚያስወጣኝ 6,125 ብር ነው» ሲል ነው። ይህ እውነት የሚሆነው መኪናው ሁልጊዜ ከሞላ ብቻ ነው።

ትርፉ የሚያመልጥባቸው ሦስት በሮች

የመጀመሪያው ኮሚሽን ነው። እንግዳውን የላከው ሆቴል ወይም ደላላ 10 በመቶ ቢወስድ ከየወንበሩ 800 ብር ይቀነስና 4,200 ብር ይቀራል። አሁን ወጪውን ለመሸፈን ስድስት እንግዳ ያስፈልጋል። ሁሉም እንግዶች በደላላ የመጡ ከሆነ መኪናው ሞልቶ እንኳ ትርፉ ከ15,000 ወደ 8,600 ብር ይወርዳል።

ሁለተኛው የጎረቤትን ዋጋ አይቶ መቀነስ ነው። ሌላው 7,000 ብር ስላለ ብቻ 7,000 ብር ያለ አስጎብኚ፣ ኮሚሽኑም ካለበት፣ ከአንድ ወንበር የሚቀረው 3,300 ብር ነው። ስምንቱም ወንበር ተሽጦ የሚያገኘው 1,400 ብር ብቻ ይሆናል። አንድ እንግዳ የቀረ ዕለት ይከስራል። የሺህ ብር ቅናሽ ለገዢው ትንሽ ነው፤ ለሻጩ ግን የቀኑን ትርፍ ጠቅልሎ ይወስዳል።

ሦስተኛው ታክስ ነው። የተጨማሪ እሴት ታክስ 15 በመቶ በመሆኑ 8,000 ብር የተባለው ወንበር ለእንግዳው 9,200 ብር ነው። አስጎብኚው ይህን ሳያስብ «8,000 ብር፣ ሁሉንም ያካተተ» ብሎ ካስታወቀ፣ በእጁ የሚቀረው 6,957 ብር ገደማ ነው። ወጪውን ለመሸፈንም አምስት የነበረው ሰባት እንግዳ ይሆናል።

የምንዛሪው ጉዳይም አይዘነጋም። ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ካደረገ በኋላ፣ ከ57 ብር በላይ ብቻ ይመነዘር የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አልፏል። ከዚያ በፊት ለወራት የሚጸና ዋጋ በብር ሰጥቶ የነበረ አስጎብኚ የመኪናው ኪራይ ሲጨምር ልዩነቱን ራሱ ይችላል። በመሆኑም በማንኛውም የዋጋ ወረቀት ላይ ዋጋው የሚጸናበት የመጨረሻ ቀን ሊጻፍ ይገባል።

አራት ሰው የተመዘገበ ዕለት

ነገ ጉዞ ነው፤ የተመዘገቡት አራት ናቸው። ምን ይደረግ?

መጀመሪያ ኪሳራው በትክክል ይቆጠር። ጉዞው ቢሰረዝ መኪናው፣ ጀልባውና አስጎብኚው አይከፈላቸውም፤ የቢሮው 2,000 ብር ግን ይቀራል። ቢሄድ ኪሳራው 5,000 ነው። ስለዚህ መሄድና መቅረት የሚለያዩት በ3,000 ብር ነው። አራት እንግዳን በመጨረሻው ሰዓት «ቀርቷል» ብሎ መመለስ የሚያጎድለው ስም ከ3,000 ብር ይበልጣል ወይስ ያንሳል? ይህን ሚዛን የሚያውቀው ራሱ ነጋዴው ነው።

ከሁለቱም የተሻለ ሦስተኛ መንገድ አለ፤ መኪናውን መለወጥ። ሚኒባሱ ቀርቶ አራት ሰው የሚይዝ መኪና በ9,000 ብር ቢገኝ የማይቀረው ወጪ ወደ 19,000 ይወርዳል። ከአራቱ ወንበር የሚተርፈው 20,000 ብር ስለሆነ አስጎብኚው 1,000 ብር አትርፎ፣ ቃሉንም ጠብቆ ይገባል። ይህ የሚሆነው ግን ከመኪና አከራዩ ጋር «እስከ ዋዜማው ቀን 6 ሰዓት ድረስ መለወጥ እችላለሁ» የሚል ስምምነት አስቀድሞ ሲኖር ነው። አራተኛው መንገድ በዚያው ሰፈር ካለ ሌላ አስጎብኚ ጋር መንገደኛ መቀባበል ነው። ሁለት ግማሽ ሚኒባሶች ተከታትለው ወደ ባቱ ከሚወርዱ አንዱ ሞልቶ ቢሄድ ሁለቱም ይጠቀማሉ።

ቀብድም ጋሻ ነው። የዋጋው ግማሽ 4,000 ብር በምዝገባ ጊዜ ተከፍሎ፣ ጉዞው 48 ሰዓት ሲቀረው የማይመለስ ከሆነ፣ ከአምስቱ አንዱ ቢቀር የሚደርሰው ኪሳራ ከ5,000 ወደ 1,000 ብር ይቀንሳል። እንግዳው ይህን አስቀድሞ በጽሑፍ ማየት አለበት፤ በኋላ የተነገረ ደንብ ጠብ ያመጣል። ጉዞው የሚነሳው ቢያንስ ስንት ሰው ሲሞላ እንደሆነም በዚያው ወረቀት ላይ ይጻፍ።

ቀኑ የማይችለውን አለመሸጥ

መልካም የቀን ሥርዓት እንዲህ ነው። ከጠዋቱ 1 ሰዓት ከቦሌ መነሳት፣ 3 ሰዓት ተኩል ገደማ ባቱ መድረስ፣ እስከ 5 ሰዓት ከሩብ በጀልባ ወፍና ጉማሬ ማየት፣ 6 ሰዓት ምሳ፣ ከ8 እስከ 9 ሰዓት ተኩል እርሻና ቅምሻ፣ ከምሽቱ 12 ሰዓት ተኩል ቦሌ መመለስ። ለውጭ አገር እንግዳ ሰዓቱ በራሱ አቆጣጠር ይጻፍለት። «1 ሰዓት» የተባለ እንግዳ ከቀትር በኋላ ቢመጣ ጥፋቱ የእሱ አይደለም።

በዚህ ቀን ውስጥ ቱሉ ጉዶ አትገባም። በጀልባ ደርሶ መመለሱ ብቻ ሰዓታት ይወስዳል። ገዳሙንም ቅምሻውንም በአንድ ቀን የሸጠ አስጎብኚ ሁለቱንም ያበላሻል። ለሁለት ቀን ጉዞ ቢያቆያት ሌላ ዕቃ አገኘ ማለት ነው። በቦሌ ለጥቂት ሰዓት ብቻ ለሚያልፍ የትራንዚት መንገደኛም የባቱን ጉዞ መሸጥ አይገባም። አውሮፕላን ያመለጠው ሰው የሚያወራው ስለ ወይኑ አይሆንም። መጥመቂያውን መጎብኘት በቀጠሮ ስለሆነ አስቀድሞ ይያዝ፤ የመንገዱም ደኅንነት በየጉዞው ዋዜማ ይጣራ።

ቅምሻና መጠጣት

ቅምሻ ከምሳ በኋላ የሚደረገው ባዶ ሆድ ወይንን ስለማይችል ነው። ነጩ ይቀድማል፣ ደረቁ ቀይ ይከተላል፣ ጣፋጩ መጨረሻ ይመጣል፤ ጣፋጭ ከቀደመ ሌላው ሁሉ ይመራል። በአንድ ብርጭቆ 50 ሚሊ ሊትር ይበቃል፤ በዚህ ልክ 750 ሚሊ ሊትር የሚይዘው አንድ ጠርሙስ ለ15 ቅምሻ ይሆናል። የቀመሱትን መትፋት በወይን ጠጅ ቀማሾች ዘንድ የተለመደ ሲሆን፣ በእኛ አገር ግን የቀረበን መጠጥ መትፋት ነውር ስለሆነ አስጎብኚው ለአገር ቤቱ እንግዳ አስቀድሞ ቢያስረዳ ከኀፍረት ያድነዋል። ለጾመኛና ለማይጠጣ እንግዳ ጭማቂ ይዘጋጅ፤ የቅምሻው ሒሳብም ይቀነስለት። ሾፌሩ አይቀምስም።

ለመጥመቂያውም ቢሆን ይህ ጠረጴዛ ትልቅ ነገር ነው። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር አዋጅ የአልኮል መጠጥ በሬዲዮና በቴሌቪዥን እንዳይተዋወቅ፣ ከ21 ዓመት በታች ለሆነ ሰውም እንዳይሸጥ ከልክሏል። ምርቱን በአየር ሞገድ ማስተዋወቅ የማይችል አምራች፣ ከፍሎ ሊቀምስ የመጣ እንግዳን ይፈልገዋል። በየወሩ ሠላሳና አርባ እንግዳ በቀጠሮው ሰዓት የሚያደርስ አስጎብኚ ስለዚህ የሚደራደርበት አቅም አለው። የቅምሻው 1,500 ብር ወደ 1,000 ቢወርድለት ከየወንበሩ የሚተርፈው 5,500 ይሆናል፤ በስምንት እንግዳ 4,000 ብር ይጨምራል። ይህ ጭማሪ እንግዳውን ሳያስከፍሉ የሚገኝ ነው።

ዋጋ ቀንሶ ከጎረቤት ጋር ከመሻማት ይልቅ ወጪ ላይ መደራደር፣ ቀብድ መያዝና መኪናን በሰው ልክ መቀየር ለአነስተኛው አስጎብኚ ይበጁታል። ከሁሉ በፊት ግን ቁጥሯን ይወቅ፤ ስንተኛው እንግዳ ሲሳፈር ነው ሚኒባሱ ለባለቤቱ መሥራት የሚጀምረው? ይህን ሳያውቅ ከቦሌ የሚነሳ አስጎብኚ፣ ሎሚውን ለሃምሳ ሰው ገዝቶ ስንቱ እንደሚመጣ እንዳልጠየቀ ሰው ነው።