መጻተኛው በሕግ ፊት



በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 19 ቁጥር 33 እና 34 እግዚአብሔር ሕዝቡን መጻተኛውን እንዳይበድሉ፣ ይልቁንም እንደ አገር ተወላጅ እንዲቈጥሩት ያዛቸዋል፤ እነርሱም በግብፅ መጻተኞች እንደ ነበሩ ያስታውሳቸዋል። ይህን ትእዛዝ ስናስተምር ብዙ ጊዜ በእንግዳ አቀባበል ላይ እናቆመዋለን፤ እግር ማጠብ፣ ማዕድ ማቅረብ፣ ማደሪያ መስጠት። ይሁን እንጂ ወዲያው የሚቀጥለው ቁጥር ስለ ፍርድና ስለ ሚዛን ይናገራል። እንግዳን ማስተናገድ አንድ ነገር ነው፤ እንግዳው «ተበድያለሁ» ብሎ በዳኛ ፊት መቆም መቻሉ ግን ሌላ ነገር ነው። በዚህ ትምህርታችን ይህን ሁለተኛውን ነገር በአሜሪካ ከሚኖሩት ላቲኖዎች ታሪክ ልናጠና አስበናል። ብዙዎቹ በእምነት ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ናቸው፤ ታሪካቸው ግን በእኛ ዘንድ እምብዛም አይታወቅም።

ላቲኖ የሚባሉት ትውልዳቸው ከሜክሲኮ፣ ከፖርቶ ሪኮ፣ ከኩባ እንዲሁም ከመካከለኛውና ከደቡብ አሜሪካ አገሮች የሆነ ሰዎች ናቸው። ሁሉንም መጻተኞች ማለት ግን ስሕተት ነው። በ1848 (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር እንጽፋለን) አሜሪካና ሜክሲኮ ጦርነታቸውን በጓዳሉፔ ኢዳልጎ ውል ሲፈጽሙ ካሊፎርንያና ሌላም ሰፊ ምድር ለአሜሪካ ተላለፈ። በዚያ ይኖሩ የነበሩት ሜክሲኮአውያን ከቤታቸው ሳይነቃነቁ ድንበሩ በላያቸው አለፈ። በውሉ መሠረት ዜግነት ተሰጣቸው፤ በሕግ ዓይንም እንደ ነጭ ተቈጠሩ። በወረቀት ላይ የጐደለባቸው ነገር አልነበረም ማለት ይቻላል። የጐደለው በትምህርት ቤቱ፣ በምግብ ቤቱና በፍርድ ቤቱ በር ላይ ነበር።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ከሜክሲኮ የመጣው ጎንዛሎ ሜንዴዝና የፖርቶ ሪኮ ተወላጅ የሆነችው ባለቤቱ ፌሊሲታስ በካሊፎርንያ ዌስትሚንስተር በሚባል ቦታ እርሻ ተከራይተው ይሠሩ ነበር። የእርሻው ባለቤቶች በትውልዳቸው ጃፓናውያን በመሆናቸው ብቻ መንግሥት በሰፈር ያጋዛቸው ቤተሰብ ነበሩ፤ የአንዱ ግፍ ከሌላው ግፍ ጋር ምን ያህል እንደሚጐራበት ከዚህ እናያለን። የጎንዛሎ እኅት የራሷንና የወንድሟን ልጆች ይዛ ለማስመዝገብ ወደ ቅርቡ ትምህርት ቤት ሄደች። የእርሷ ልጆች መልካቸው ነጣ ያለ፣ የቤተሰብ ስማቸውም የፈረንሳይ የሚመስል ስለ ነበረ ተቀባይነት አገኙ። ጠቈር ያሉትና ሜንዴዝ የሚባሉት የወንድሟ ልጆች ግን «የሜክሲኮ ትምህርት ቤት» ወደሚባለው እንዲሄዱ ተነገራት። እርሷም ሁሉንም ልጆች ሰብስባ ወደ ቤቷ ተመለሰች።

የሜንዴዝ ቤተሰብ ከሌሎች አራት ቤተሰቦች ጋር ሆነው በ1945 ክስ መሠረቱ። የትምህርት ቤቶቹ ሹማምንት ልጆቹን የለየናቸው እንግሊዝኛ ስለማይችሉ ነው አሉ፤ ከእነርሱም አንዱ በችሎት ቆሞ የሜክሲኮ ልጆች በንጽሕናም በችሎታም ያንሳሉ ሲል መሰከረ። የቋንቋው ምክንያት ግን አልቆመም፤ ሹማምንቱ የልጆቹን ቋንቋ በሚገባ ሳይመረምሩ በስማቸውና በመልካቸው ይለዩዋቸው ነበርና። በየካቲት 1946 ዳኛው ፖል ማኮርሚክ መለያየቱ ሕገ ወጥ ነው ብለው ፈረዱ፤ በ1947 ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ፍርዱን አጸና። በዚያው ዓመት አገረ ገዢው ኤርል ዋረን በካሊፎርንያ የትምህርት ሕግ ውስጥ የቀሩትን የመለያየት አንቀጾች የሚሽር ሕግ ፈረሙ። በዚያ ጕዳይ ስሟ የተነሣው ሕፃን ሲልቪያ ሜንዴዝ በአረጋዊነቷ፣ በ2011፣ ከፕሬዚዳንቱ እጅ የነጻነት ሜዳልያ ተቀብላለች።

ሁለተኛው ጕዳይ ይበልጥ ከባድ ነው፤ ተከሳሹ በሰው መግደል የተከሰሰ ነበርና። በ1951 በቴክሳስ፣ በጃክሰን አውራጃ፣ ፒት ኸርናንዴዝ የተባለ የእርሻ ሠራተኛ ሰው ገድሎ ተፈረደበት። በዚያ አገር በእንዲህ ያለ ወንጀል ጥፋተኛነትን የሚወስነው ከሕዝብ መካከል የተመረጡ ዜጎች ጉባኤ፣ ጁሪ የሚባለው ነው። በአውራጃው ከነበረው ሕዝብ 14 ከመቶው የሜክሲኮ ትውልድ ነበር፤ ሆኖም በ25 ዓመት ውስጥ አንድም የሜክሲኮ ስም ያለው ሰው በጁሪ ተቀምጦ አያውቅም። የመንግሥቱ ጠበቆች መልስ አጭር ነበረ፦ ሕገ መንግሥቱ የሚያውቀው ነጭና ጥቁር ነው፤ ሜክሲኮአውያን ነጮች ናቸው፤ በጁሪው የተቀመጡትም ነጮች ናቸው፤ ታዲያ በደሉ የት ላይ ነው?

የኸርናንዴዝ ጠበቆች ጉስ ጋርሲያና ካርሎስ ካዴና በደሉ የት እንዳለ አሳዩ። ፍርዱ በተሰጠበት በዚያው ፍርድ ቤት ሁለት የወንዶች መጸዳጃ ነበሩ። በአንደኛው ላይ ምንም አልተጻፈም። በሁለተኛው ላይ ግን የጥቁሮች መሆኑ ተጽፎ፣ ከሥሩ በስፓንኛ «ኦምብሬስ አኪ»፣ ማለት «ወንዶች በዚህ» የሚል ነበረ። ሕጉ ነጭ የሚላቸውን ሰዎች በሩ ምን እንደሚላቸው በዚያ ታየ። በግንቦት 3 ቀን 1954 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሙሉ ድምፅ ለኸርናንዴዝ ፈረደ፤ ፍርዱን የጻፉትም አስቀድመን ያነሣናቸው፣ በዚያን ጊዜ የፍርድ ቤቱ ፕሬዚዳንት የሆኑት ኤርል ዋረን ናቸው። ኸርናንዴዝ እንደ ገና ተዳኝቶ እንደ ገና ጥፋተኛ ሆነ። ይህን መሸሸግ አይገባንም። ፍትሕ የሚገባው ለንጹሑ ብቻ አይደለምና።

ሦስተኛው ጕዳይ ወረቀት የሌላቸውን ልጆች ይመለከታል። የቴክሳስ መንግሥት በ1975 ባወጣው ሕግ ምክንያት የታይለር ከተማ ትምህርት ቤቶች በ1977 ሕጋዊ ወረቀት ከሌለው ልጅ በዓመት 1,000 ዶላር መጠየቅ ጀመሩ። አራት ቤተሰቦች ስማቸው ተሰውሮ ከሰሱ። ዳኛው እንዳይታወቁ ብለው ችሎቱን በማለዳ፣ ከንጋቱ 12 ሰዓት አስቀመጡ። ከዚያ ወዴት እንደሚወሰዱ ስለማያውቁ ዕቃቸውን በመኪና ጭነው የመጡ ነበሩ። በሰኔ 1982 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ5 ድምፅ በ4 ላይ ለልጆቹ ፈረደ። ሕገ መንግሥቱ የእኩልነትን ጥበቃ የሚሰጠው ለዜጋ ብቻ ሳይሆን በግዛቱ ለሚገኝ ሰው ሁሉ ነውና፣ በወላጅ ሥራ ልጅ አይቀጣም ማለቱ ነው። ከእኛም አገር ወረቀት ሳይኖራቸው የሄዱ ወላጆች ልጆቻቸውን በዚያ አስተምረዋል፤ በሩን የከፈቱላቸው እነዚያ አራት ቤተሰቦች መሆናቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው።

ነገሩ አልቋል ማለት አይደለም። በሐምሌ 2025 በሎስ አንጀለስ አንዲት ዳኛ የኢሚግሬሽን ፖሊሶች ሰውን በዘሩ፣ በስፓንኛ በመናገሩ፣ በቆመበት ቦታ ወይም በሥራው ብቻ እንዳያስቆሙ አግደው ነበር፤ በመስከረም ወር ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እግዱን አነሣ። በኅዳር የአሜሪካ ብፁዓን ጳጳሳት ሰዎችን ሳይለዩ በጅምላ ማባረርን እንደሚቃወሙ በልዩ መልእክት ገለጡ።

የቤተ ክርስቲያን ትምህርት በዚህ ረገድ ግልጽ ነው። ር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 12ኛ በ1952 «ኤክሱል ፋሚሊያ» በተባለው ሰነዳቸው ወደ ግብፅ የተሰደደችውን ቅድስት ቤተ ሰብ የስደተኞች ሁሉ ምሳሌ አድርገው አቅርበዋታል፤ ይህም የእመቤታችንን ስደት ለሚያስቡ ለእኛ ባዕድ አይደለም። ትምህርቱ እንዲህ ይሁን እንጂ በደቡብ ምዕራብ አሜሪካ በብዙ ቁምስናዎች የሜክሲኮ ምእመናን በኋለኛው ወንበር እንዲቀመጡ ይደረግ ነበር። በቤተ ክርስቲያን ሕግ እንዲህ የሚል አንቀጽ ፈልገን አናገኝም። በእኛም አገር ሸክላ ሠሪዋን፣ ቀጥቃጩንና ቆዳ ፋቂውን ከማዕድና ከጋብቻ የሚለየው ልማድ በአዋጅ ተጽፎ የሚነበብ አይደለም።

መምህራን ይህን ትምህርት ለጐልማሶች ሲሰጡ በኸርናንዴዝ ጕዳይ ቢጀምሩ ይሻላል፤ ክርክሩ ይሞቃል፤ «ነፍሰ ገዳይ ምን መብት አለው?» የሚልም አይጠፋም። ለሕፃናት ግን የአክስቲቱ ታሪክ ይበቃል። የራሷ ልጆች ተቀባይነት ካገኙ በኋላ ለምን ይዛቸው እንደተመለሰች ይጠይቋቸው፤ መልሱንም መምህሩ ቀድሞ አይንገራቸው።