የጭፍራው ስም እንዳይጠፋ

የጦርነት ታሪክ በሚነገርበት ጊዜ የንጉሡና የጦር አለቃው ስም ይነሣል፤ የጭፍራው ስም ግን በቍጥር ውስጥ ተውጦ ይቀራል። በ1909 ዓ.ም. በጥቅምት ወር በአገራችን የእርስ በርስ ጦርነት በሆነ ጊዜ፣ ንጉሥ ሚካኤል ከወሎ ብዙ ሠራዊት አስከትለው ወደ ሸዋ ዘመቱ። ራስ ልዑል ሰገድም በቶራ መስክ ገጠሟቸውና ከብዙ ጭፍሮቻቸው ጋራ ወደቁ። ዳሩ ግን ንጉሥ ሚካኤል ከዚያ በኋላ ወደ አዲስ አበባ ፈጥነው ስላልገሠገሡ፣ የሸዋ ጦር ለመሰብሰብ ጊዜ አገኘ፤ ጥቅምት 17 ቀንም በሰገሌ ድል አደረገ። የልዑል ሰገድ ስም በታሪክ ተጽፏል፤ ከአጠገባቸው የወደቀውን ባላገር ግን ማን ይጠራዋል? በወሎም ወገን እንዲሁ ነው።

ይህን ነገር ከሌላ አገር ታሪክ ጋራ ብናስተያየው ትምህርት ይሆነናል። በአሜሪካ ሰሜኑና ደቡቡ በአውሮፓ አቆጣጠር ከ1861 እስከ 1865 እርስ በርሳቸው ሲዋጉ፣ ወደ 180,000 የሚሆኑ ጥቁሮች በሰሜኑ ጦር ተሰልፈው ነበር። ከእነርሱም ብዙዎቹ ባሪያ ሆነው የተወለዱ ናቸው። በ1860 ሕዝብ ሲቈጠር የጌታው ስም ይጻፍ ነበር እንጂ የባሪያው ስም በአብዛኛው አልተጻፈም። ወታደር በሆነ ጊዜ ግን ስሙ በመዝገብ ገባ። ደመወዛቸው ከነጮቹ ያነሰ ስለ ነበረ አንዳንዶቹ ክፍሎች እኩል እስኪሆን ድረስ አንቀበልም አሉ፤ ምክር ቤቱም በ1864 ማስተካከል ጀመረ። ወደ 40,000 የሚጠጉት ሞቱ፤ የሚበዙትንም የገደለ በሽታ ነው። ጦርነቱ በተፈጸመበት ዓመት ባርነት በመላው አገር በሕግ ተሻረ። ስማቸው በመዝገብ ስለ ተገኘ፣ በ1998 በዋሽንግተን ከተማ በተመረቀው መታሰቢያ የእነርሱና የአለቆቻቸው 209,145 ስም ተቀርጾ ይነበባል።

መምህራን ሆይ፣ በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ በቀድሞ ዘመን ርስት የሚገኘው በዘር ቈጠራ ስለ ነበረ፣ የአባትን ስም መቍጠር ለሽማግሎቻችን የታወቀ ነገር ነው። እንግዲህ ተማሪ ሁሉ የቅድመ አያቱን ስም፣ የዘመተበትን ጦርነትና የወደቀበትን ስፍራ ከሽማግሌ ጠይቆ ይጻፍ። ወገን ሳይለይ የሸዋውንም የወሎውንም ይጻፍ፤ ሁለቱም የአንድ አገር ልጆች ናቸውና። ያልተጻፈ ስም ከሚያውቀው ሽማግሌ ጋራ አብሮ ይቀበራል።